ማንነቱ ያልታወቀ ሳቂታ ሰው

ሲድኒ፣ ማርች 3 ቀን 1997

ለተከበሩት የአባቴ እህት፣ ለአክስቴ ለፒሲላ፤

ከሁሉ አስቀድሜ ከእግርዎ ሥር ቁጭ ብዬ ሰላምታዬን አቀርባለሁ። ጌታ ጉልበትዎን ያጽናልን፣ ዓይንዎን ይጠብቅልን፣ የተከሉትን ቦዬ ከአሳማና ከአውሎ ነፋስ ይሰውርልዎ። እኔ ከሥራው ብዛት በቀር ደህና ነኝ።

ለገና መጥቼ ሥራዬን ስነግርዎ «ሌላ ሰው ያነሳውን ፊልም እየዞሩ መለመን ደግሞ ሥራ ሆነ?» ብለው የሳቁብኝን አልረሳሁም። ሥራ ሆኗል፣ ምን ይደረግ። ስለ ድሮ ጊዜ ፊልም የሚሠሩ ሰዎች ድሮን ተመልሰው ማንሳት አይችሉም። ስለዚህ ያኔ የተነሳው የት እንዳለ እፈላልጋለሁ፣ ባለቤቱን አገኛለሁ፣ በሰከንድ ይህን ያህል ተባብለን እንከራየዋለን። ጠዋት ከማያውቁኝ ሰዎች ጋር ስለ አራት ሰከንድ ስከራከር ቢሰሙኝማ የበለጠ ይስቁ ነበር።

አሁን የያዝነው ፊልም በደሴቶቻችን መካከል የደረቀ ኮኮናት ሲጭኑ ስለኖሩት አሮጌ መርከቦች ነው። ለንደን ካለ አንድ የፊልም ማህደር አንድ ጥቅል አገኘሁ። የኛው የፓንጋይ ወደብ ነው። በ1971 አንድ አገር ጎብኚ ያነሳው፣ ድምፅ የሌለው ፊልም ነው። የማህደሩ ካርድ የሚለው ይህን ብቻ ነው፦ «ቶንጋ። ጭነት ሲጫን። ማንነቱ ያልታወቀ ሳቂታ ሰው።»

አክስቴ፣ የዚያ ሰው ግንባር የኔ ግንባር ነው።

አባቴ ኢሲሌሊ ባሕር ላይ የቀረ ጊዜ የስምንት ወር ልጅ ነበርኩ። ፎቶዎቹን ሁሉ አንድ አውሎ ነፋስ እንደወሰደ እርስዎ ነዎት የነገሩኝ። እናቴም ነፍሷን ይማርና፣ ከመሞቷ በፊት የነገረችኝ «ሲስቅ ግንባሩ ይሸበሸብ ነበር» የሚለውን ብቻ ነው። ይሄ ሰው ሲስቅ ግንባሩ ይሸበሸባል። አጠገቡ ጀርባዋን የሰጠች ባለ ባርኔጣ ሴት ቆማለች። ሁሉም ነገር አሥራ አንድ ሰከንድ ነው።

ካሴቱን ከዚህ ደብዳቤ ጋር ልኬያለሁ። ታች በኩል የሚሮጡት ቁጥሮች ፊልሙን ሰው ሳይከፍል እንዳይጠቀምበት የሚለጠፉ ናቸው። ክፋታቸው ልክ የሰውዬው አፍና አገጭ ላይ ማረፋቸው ነው። እሱ ከሆነ፣ ለቤተሰቡ ቁጥር የሌለበት ንጹሕ ቅጂ እንሰጣለን ብለዋል። ያኔ የአባቴን ፊት ሙሉውን አያለሁ።

ደግሞ ሕጋችን እንዲህ ነው፤ የሰውዬው ቤተሰብ ከታወቀ ያለ ፊርማቸው ፊልሙን አንነካውም። እምቢ ካሉም እንተወዋለን። ወረቀቱ ልጅ ይፈርም ቢልም፣ በኛ ዘንድ በአባቴ ነገር የሚያዙት እርስዎ መሆንዎን ለዳይሬክተሩ አስረድቼዋለሁ። እርስዎ ያሉት ይሆናል።

አዎ ወይም አይደለም ብቻ ይበሉኝ። የስፌት መኪናም ገዝቼልዎታለሁ፣ በሚመጣው መርከብ እልካለሁ።

ልጅዎ ላቪኒያ


ፓንጋይ፣ ኤፕሪል 24 ቀን 1997

ለወንድሜ ልጅ ለላቪኒያ፤

እስትንፋስ ጨምሮ ለዚህ ቀን ላደረሰን አምላክ ምስጋና ይግባው። አንቺንም ከመኪናና ከክፉ ጎረቤት ይጠብቅሽ። እኛ ደህና ነን። የቤተ ክርስቲያኑ ጣሪያ ዛሬም ያፈሳል፤ ቄሱም ዛሬም ስለ መዋጮው ይሰብካሉ። የልጆች እሑድ ስለደረሰ እናቶች ሁሉ ነጭ ልብስ እያሉ ይራወጣሉ።

ካሴትሽ ደርሶናል። መንደሩ ውስጥ የካሴት ማሽን ያለው አጎትሽ ሃኒቴሊ ዘንድ ነው። እህትና ወንድም አንድ ክፍል ተቀምጠው ፊልም እንደማያዩ ሲድኒ አላስረሳሽም ብዬ አስባለሁ። እሱ አብርቶልኝ ወጥቶ አሳማዎቹ ዘንድ ተቀመጠ። እኔ ሳበቃ ወጣሁና እሱ ገባ። ከዚያ ቁልፉን መንካት ስለምፈራ እንደገና ተጠራ፣ አበራ፣ ወጣ። አሥራ አንድ ሰከንድ ለማየት ግማሽ ቀን ፈጀን።

ጎረቤቶችም አልቀሩም። ቪካ ከወደቡ ዳር የምታልፈዋን አሳማ አይታ «የኔ ናት!» ብላ ጮኸች። «አንቺ ሴት፣ ሃያ ስድስት ዓመት የኖረች አሳማ የት አይተሽ ታውቂያለሽ?» ብላት «አያቷን ማለቴ ነው፣ መልኳን አልስተውም» አለችኝ። እንዲህ ያለ ምስክር ነው ያለን።

ወደ ጥያቄሽ ልምጣ። ሰውየው ብቅ ሲል ሁሉም አፍ አፌን አዩኝ። አይደለም አልኳቸው። ሌላ የተናገረ የለም። ሰውየው አባትሽ አይደለም። የአባትሽ ጆሮ ትንሽዬ ነበረች፤ የዚህ ሰው ግን የጀልባ ሸራ ታክላለች። እንዲያውም አገጩ ላይ ቁጥር ሳይ እስረኛ መስሎኝ ነበር። ይህን በገዛ እጄ ጽፌ ፈርሜያለሁ፤ ወረቀትሽንም ሳልፈርም መልሼዋለሁ።

አትዘኚ ልጄ። ሙት በፊልም አይመጣም።

የስፌት መኪናውን እንዳትልኪ። ዓይኔ ደክሟል፣ መርፌ አላስገባም። ይልቅ ከቻልሽ የማንበቢያ መነጽር ላኪልኝ።

አክስትሽ ፒሲላ


ሲድኒ፣ ሜይ 19 ቀን 1997

ለተከበሩት አክስቴ፤

ሰላምታዬና ናፍቆቴ ይድረስዎ። ጣሪያው እስኪጠገን ዝናቡን ያስታግስልን።

ደብዳቤዎን ቢሮ ውስጥ ከፍቼ ሳነበው አለቀስኩ። ያሳፍራል፣ ግን አለቀስኩ። ለካ ለሁለት ወር ያንን ሰው በልቤ «አባዬ» እያልኩ ስጠራው ኖሬያለሁ። ስለ ጆሮው ያሉትን ካነበብኩ በኋላ እንደገና አየሁት። እውነትም ጆሮው ትልቅ ነው።

ዳይሬክተሩ ግን ተደሰተ። ምክንያቱን ልንገርዎ። ሰውየው የማይታወቅ ከሆነ የምንጠይቀው ቤተሰብ የለም፣ ፊርማ አያስፈልግም፣ እንዳሻን ማድረግ እንችላለን። ደብዳቤዎን ተርጉሜ፣ ማኅተም አስመትቼ «ዘመድ ነኝ የሚል ተጠይቆ አለመሆኑ ተረጋግጧል» በሚል ከውሉ ጋር አያያዝኩት። ለንደንም ተቀበለ።

አሁን ፊልሙ የሚከፈተው በሱ ነው። ዳይሬክተሩ ሳቁን ወዶት ፊልሙን ቀስ ብሎ እንዲሄድ አድርጎ አሥራ አንዱን ሰከንድ ግማሽ ደቂቃ አደረሰው። ማስታወቂያውም ላይ ይኖራል። የማንም አባት ቢሆን ደስ የሚል ሰው ነው።

መነጽሩን ልኬያለሁ። የስፌት መኪናውን እንዳዘዙኝ ለሱቁ መለስኩ።

ላቪኒያ


ፓንጋይ፣ ኦገስት 2 ቀን 1997

ለላቪኒያ፤

ሰላም ለአንቺ ይሁን። ስለ መዘግየቴ ይቅር በይኝ፤ አልታመምኩም።

አንድ ነገር ልጠይቅሽ። እነዚያ አሥራ አንድ ሰከንዶች ስንት ያወጣሉ? መከራየት ሳይሆን ጠቅልሎ መግዛት፣ ማንም እንዳያያቸው ዘግቶ ማስቀመጥ። እኔ ዘንድ ለልጆች ሰርግ ያልሰጠሁት፣ ከእናቴ የወረስኩት አንድ ጥሩ ምንጣፍ አለ። ባሕር ተሻግሬ ኑኩአሎፋ ከተማ ወስጄ ብሸጠው ብዙ ያወጣል ይላሉ።

ሌላም ጥያቄ አለኝ። ጀርባዋን የሰጠችው ሴትዮ ወረቀታችሁ ላይ ምን ተብላ ነው የተጻፈችው? እሷም አትታወቅም?

መነጽሩ ጥሩ ነው።

ፒሲላ


ሲድኒ፣ ኦገስት 18 ቀን 1997

ለተከበሩት አክስቴ፤

ጤናዎ እንዴት ነው? ደብዳቤዎ ሰላምታው አጭር ሆኖብኝ ተጨንቄያለሁ። ሁልጊዜ የሚጽፉልኝ ጸሎት ከገጹ ግማሹን ይይዝ ነበር።

ምንጣፉን እባክዎ አይንኩት። እንዲህ ያለ ነገር አይሸጥም። ማህደሮች ያከራያሉ እንጂ አይሸጡም። እኛ የተከራየነውን ሌላውም ሊከራየው ይችላል። እንዲታይ መክፈል ይቻላል፤ እንዳይታይ የሚከፈልበት ውል ግን አይቼ አላውቅም። የሚታወቅ ሰው ቤተሰብ እምቢ ሲል ብቻ ነው እኛ የምንተወው። ያ ደግሞ በሜይ አለፈ። ባለፈው ሳምንት የፊልሙ ቅንብር ተጠናቋል፣ ድምፁም ገብቷል። ከዚህ በኋላ ምንም አይነካም። ኦክቶበር 5 እሑድ በመላው አውስትራሊያ ይታያል።

ሴትዮዋ ጀርባዋ ብቻ ስለሚታይ ምንም ተብላ አልተጻፈችም።

አክስቴ፣ ለምን ጠየቁኝ? ስልክ ደውዬ አጎቴን ሃኒቴሊን ብጠይቀው «እህቴ ካለች አለች ነው» ብሎ ዘጋብኝ። ምን ማለቱ ነው? እውነቱን ይንገሩኝ፣ ምንም ይሁን።

ላቪኒያ


ፓንጋይ፣ ሴፕቴምበር 7 ቀን 1997

ልጄ ላቪኒያ፤

ዛሬ ጸሎቱን አንቺ ጸልዪልኝ፤ እኔ አፌ አልፈታ ብሏል።

ስልክ ለምን አልደወሉልኝም አትበይኝ። የስልክ ቤቷ ሴትዮ ለእያንዳንዱ ደዋይ ታለቅሳለች፣ ከዚያ ለገበያው ትተርካለች። ይህን ደግሞ ካንቺ ቀድሞ ገበያው እንዲሰማው አልፈልግም።

ሰውየው አባትሽ ነው። ጆሮውም የሱ ጆሮ ነው። በልጅነቱ እየጎተትኩ ያተለቅኩት እኔ ነኝ።

ባለ ባርኔጣዋ ሴትዮም እኔ ነኝ።

የልጆች እሑድ ሁለት ሳምንት ቀርቶት ነበር። ለመንደሩ ልጆች በሙሉ ነጭ ልብስ እሰፋለሁ ብዬ አፌን ሞልቼ ቤተ ክርስቲያን ውስጥ ተናግሬ ነበር። ለአንቺም የመጀመሪያሽ ነበር። ኑኩአሎፋ አንድ ሱቅ የስፌት መኪና መምጣቱን ሰማሁና ለኢሲሌሊ «ሄደህ አምጣልኝ» አልኩት። የኮኮናት መርከቡ ካፒቴን ባሕሩ ደስ አይልም፣ ሐሙስ ይሻላል ይል ነበር። እኔ «ሐሙስ ከሆነ መቼ እሰፋለሁ?» አልኩ። ወንድም እህቱን እምቢ እንደማይላት ታውቂያለሽ። እኔም አውቅ ነበር። ለዚያ ነው የጠየቅሁት።

ሲሄዱ አውሎ ነፋሱ አልተነሳም ነበር፤ ሰማዩ ጥሩ ነበር፤ ፊልሙም ላይ ይታያል። ሲመለሱ ነው የተነሳው። መኪናውን ገዝቶ ጭኖት እንደነበር የሚያሳይ ደረሰኝ ከሱቁ መጣልኝ። እናትሽ ለምን እንደሄደ ጠይቃኝ አታውቅም። እኔም ነግሬያት አላውቅም። ሲድኒ ስትሄዱ ለመሸኘት ወደብ መጥቼ እንኳ ሳልነግራት ቀረሁ።

አይደለም ካልኩ ትተዉታላችሁ ብዬ ነበር። ያንቺ ሥራ ሌላ ነው ለካ፤ ነው ብልሽ ኖሮ እምቢ ብዬ ማስቀረት እችል ነበር። አይደለም ስላልኩ ነው ለዓለም የሰጠሁት። ልጄ፣ አሁን እለምንሻለሁ፤ አስቁሚው። ማስቆም ካቃተሽም ማንነቱ ያልታወቀ አትበሉት። ኢሲሌሊ በሉት።

ፒሲላ


ሲድኒ፣ ኦክቶበር 21 ቀን 1997

አክስቴ፤

ደብዳቤዎ የደረሰኝ ኦክቶበር 9 ቀን ነው። መርከቧ ሁለት ሳምንት እንደተበላሸች ቪካ ነገረችኝ። ፊልሙ ታይቶ አራት ቀኑ ነበር።

አልተቆጣሁም ብል ውሸት ነው። አንድ ቀን ሙሉ ተቆጣሁ። ከዚያ ያንን ነጭ ልብስ አሰብኩና ቁጣው የት እንደገባ ጠፋኝ። የተቀየምኩት በመኪናው አይደለም፣ ይህን ይመኑኝ። «አይደለም» ባሉኝ ነው። እንደማላገኘው ቆርጬ ነበር እኮ። ከቆረጥኩ በኋላ ነው የሰጡኝ።

ያልሞከርኩት የለም። ዳይሬክተሩ ደብዳቤዎን ስተረጉምለት ዓይኑ እንባ አቀረረ፣ ከዚያ «እሷን ሄደን ብናነሳት ትስማማለች?» አለኝ። መልሴን አልጽፈውም፣ ቤተ ክርስቲያን ሂያጅ ነዎት። ስሙን እንዲያስገቡ ለመንኳቸው። ከለንደን ጋር ያለው ውል ከካርዱ የተለየ ስም መስጠት አይፈቅድም አሉኝ።

ለንደን ጻፍኩ። ልጁ ነኝ፣ ካርዱን አርሙልኝ፣ ንጹሑን ቅጂ ስጡኝ አልኩ። ትሕትና የሞላበት መልስ ላኩ። በእጃቸው ያለው ፊርማና ማኅተም ያለበት ማስረጃ አንድ ብቻ ነው፣ እሱም «አይደለም» ይላል። የርስዎ ደብዳቤ ነው አክስቴ። የተረጎምኩት እኔ ነኝ። ማኅተሙን ያስመታሁት እኔ ነኝ። አሁን «እሱ ነው» የሚለውን ደብዳቤ ብልክላቸው አንድ ምስክር ሁለት ቃል ስለሰጠ አንቀበልም አሉ። አጎቴን ሃኒቴሊን እንዲመሰክር ብለምነው «እህቴን ውሸታም ነች ብዬ ልፈርም?» አለኝ።

በካርዱ ላይ ዛሬም ማንነቱ ያልታወቀ ሳቂታ ሰው ነው። አንድ የሳሙና ፋብሪካም ለማስታወቂያ ሊከራየው ጠይቋል አሉ።

ከቴሌቪዥን የቀዳሁትን ካሴት ልኬልዎታለሁ። ላይ ላዩን ተራኪው ያወራል፣ ድምፁን ይዝጉት። ቁጥሮቹ የሉም። ፊቱን ሙሉውን አየሁት አክስቴ። ቤቴ ብቻዬን ተቀምጬ፣ ከማላውቀው ሕዝብ ሁሉ ጋር እኩል አየሁት።

አፉ ይንቀሳቀሳል። ለርስዎ ነው የሚያወራው። ምን አለዎት?

ላቪኒያ


ፓንጋይ፣ ዲሴምበር 3 ቀን 1997

ልጄ ላቪኒያ፤

የአባትሽ አምላክ ካንቺ ጋር ይሁን። ስለ ይቅርታሽ እጅሽን ስሜያለሁ፤ አክስት የወንድሟን ልጅ እጅ ስማ ባታውቅም።

ካሴቱ ደረሰኝ። መንደሩ ሁሉ ሊያይ መጣ፤ ሁሉም እንዳወቁት አወቅሁ፤ ያኔም አውቀውት ነበር። ቪካ እንኳ ስለ አሳማዋ ትንፍሽ አላለችም። ሃኒቴሊ ሁሉንም አስወጣልኝ፣ አብርቶልኝ እሱም ወጣ።

የጠየቅሽኝን ልንገርሽ። እኔ የማውቀው ይህን ነው። «ክሩ ነጭ ብቻ ነው?» አለኝ። «ነጭ ብቻ» አልኩት። «ደግሞ መጥተሽ ቀይ ረሳሁ እንዳትይ» አለኝ። ሳቀ፣ እኔም ሳቅሁ። ከዚያ ዞሬ ሄድኩ፤ ለምሳ የጣድኩት የዳቦ ፍሬ እሳት ላይ ነበር። የመጨረሻው ቃሉ እሱ ነው ብዬ ሃያ ስድስት ዓመት ኖርኩ። ስለ ክር እየቀለደ ሄደ ብዬ እጽናና ነበር።

በዚያኛው ካሴት ቁጥሩ አፉን ሸፍኖት አላየሁም። አሁን ግን አፉ ይታያል፣ ደግሞ ቀስ ብላችሁ ነው ያስኬዳችሁት። ሴትዮዋ ወደ ጎን ትዞራለች፣ ከሥዕሉ መውጣት ትጀምራለች። እሱ አልጨረሰም ነበር ልጄ። ሳቁ ከፊቱ ይጠፋል። ወደ ባሕሩ አንዴ ያያል። ወደ እሷ ይመለሳል። ሁለቱ ከንፈሮቹ ገጥመው ይለያያሉ፣ ከዚያ ጥርሱ ይታያል። መስታወት ፊት ቆሜ ስሜን ደጋግሜ ጠራሁ። እንደዚያው ነው። የጠራው እኔን ነው።

ምን ሊለኝ እንደነበር አላውቅም። ነፋስ ስለነበረ አልሰማሁም ይሆናል። ባርኔጣዬን እንዳይወስድብኝ በሁለት እጄ ይዤው ነበር። «ልቅር» ሊለኝ ይሆን? እህቱን እምቢ አይላትም፣ ዞር ብል ግን ፊቱን አየው ነበር። ፊቱን ባይ ራሴ «ተው ቅር» እለው ነበር። እላለሁ።

ሃኒቴሊ በየቀኑ እየመጣ ያበራልኛል፣ ወጥቶም አሳማዎቹ ዘንድ ይቀመጣል። እኔም ወንበሬን ወደ ቴሌቪዥኑ አስጠግቼ «ዞር በይ» እላታለሁ። «ዞር በይ እንጂ፣ እየጠራሽ እኮ ነው።»

ባርኔጣዋን በሁለት እጇ ደግፋ ትሄዳለች።

አክስትሽ ፒሲላ